ጎረቤት፣ አክስት፣ አማት፦ ስለ ኬፒኤሲ ላሊታ

(ለወጣት ተዋንያን ከተደረገ ንግግር ለንባብ የተዘጋጀ)

እንደምን አመሻችሁ። ስለጋበዛችሁኝ አመሰግናለሁ።

ዛሬ የማወራችሁ ስለ አንዲት የህንድ ተዋናይት ነው። የህንድ ፊልም ሲባል ለብዙዎቻችን ቶሎ የሚመጣልን የቦምቤይ ፊልም ነው። ዘፈኑ፣ ዝናቡ፣ ዛፍ ተከልሎ መሽኮርመሙ። ኬፒኤሲ ላሊታ የዚያ ዓለም ሰው አይደለችም። የኬራላ ናት። ኬራላ ከህንድ ደቡብ ምዕራብ ጥግ፣ ባህሩን ተከትላ የተዘረጋች ቀጭን ግዛት ናት። በ2011 ቆጠራ ሕዝቧ 33 ሚሊዮን ገደማ ነበር። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ ነው የምጠራው፤ እንዳትደናገሩ።) ቋንቋዋ ማላያላም ይባላል። የራሷ ፊልም፣ የራሷ ኮከቦች፣ የራሷ ቀልድ አላት።

ላሊታ እዚያ ከ1969 ጀምሮ በ2022 እስክትሞት ድረስ ሠራች። ፊልሞቿ ከ550 በላይ ናቸው። በአማካይ በዓመት ከ10 በላይ ማለት ነው፤ ያውም መሀል ላይ ያረፈችበት ጊዜ እያለ። ኬራላ ውስጥ እሷን የማያውቅ ሰው ማግኘት ይከብዳል። ድንበሩን ስትሻገሩ ደግሞ የሚያውቃት ሰው ይጠፋል።

እሷን የመረጥኩበት ምክንያት አለኝ። እዚህ ከተቀመጣችሁት ብዙዎቻችሁ መሪ ተዋናይ ለመሆን ነው የምትለፉት። ጥሩ ነው፣ ይቅናችሁ። ግን እውነቱን እናውራ። አንድ ፊልም ላይ መሪ የሚሆኑት ሁለት ሰዎች ናቸው፣ ቢበዛ ሦስት። የተቀረው ጎረቤት ነው፣ አክስት ነው፣ አማት ነው፣ ባለሱቅ ነው። የዚያ የተቀረው ሰው ሥራ ምን እንደሆነ ቁጭ ብሎ የሚያስረዳ ብዙም የለም። የላሊታ ሕይወት ያስረዳል።

እናትና አባቷ ያወጡላት ስም ማሄሽዋሪ አማ ነው። አባቷ ፎቶ አንሺ ነበር። ልጅ ሆና ዳንስ ተማረች፤ ቴአትር የጀመረችው በ10 ዓመቷ ነው። ከዚያ ኬፒኤሲ የሚባል የቴአትር ቡድን ውስጥ ገባች። ሙሉ ስሙ የኬራላ ሕዝብ ጥበባት ክበብ እንደማለት ነው።

ይሄ ቡድን ዝም ብሎ የቴአትር ቡድን አልነበረም። ከኮሚኒስት ፓርቲው ጋር እጅና ጓንት ነበር። በ1952 የቶፒል ባሲን «ኮሚኒስት አደረጋችሁኝ» የተባለ ቴአትር ይዞ በየመንደሩ ዞረ። መሬት ስለሌለው ጭሰኛ፣ ስለ ባለርስት፣ ልጁ ፖለቲካ ውስጥ ስለገባበት አባት ነው። ባለሥልጣናቱ አግደውት ነበር። እገዳው ተነሳ፣ ቴአትሩ ቀጠለ። በ1957 ኬራላ ኮሚኒስቶችን በምርጫ ሥልጣን ላይ ስታወጣ፣ ያ ቴአትር ትልቅ እጅ ነበረው የሚሉ ብዙ ናቸው። ቴአትር ብቻውን መንግሥት ይቀይራል ብዬ አላምንም። ግን ልብ በሉ፤ ተመልካቹ ራሱን መድረክ ላይ ያየበት ቴአትር ነበር። ገበሬ ሆነህ ገበሬ ፊት ስትጫወት መዋሸት አትችልም። አያያዝህ፣ አቀማመጥህ፣ አነጋገርህ ትንሽ ከሳተ ሜዳው በሙሉ ይስቅብሃል።

ላሊታ የተቀረጸችው እዚያ ነው። ላሊታ የሚለውን ስም ያወጣላትም ራሱ ቶፒል ባሲ ነው። ፊልም ውስጥ ስትገባ ሌላ የታወቀች ላሊታ ስለነበረች፣ መለያ እንዲሆን የቡድኑ ስም ፊቱ ላይ ተለጠፈ። እስከ ሞቷ እንደዚያው ተጠራች። የመጀመሪያ ፊልሟ በ1969 የወጣው «ኩቱኩዱምባም» ነው። እሱም ከቶፒል ባሲ ቴአትር የተወሰደ ነበር። ስለዚህ ወደ ካሜራ ስትሄድ ባዶ እጇን አልሄደችም።

ከሦስት ዓመት በኋላ አዱር ጎፓላክሪሽናን የመጀመሪያውን ረጅም ፊልሙን «ስዋያምቫራም»ን ሠራ። ከቤተሰብ ተደብቀው ከተማ የገቡ ሁለት ፍቅረኞች ኑሮ ሲከብዳቸው የሚያሳይ ነው። ብሔራዊ የምርጥ ፊልም ሽልማት ወሰደ። ላሊታ እዚያ ውስጥ ጎረቤት ናት። ትልቅ ዳይሬክተር፣ ትልቅ ፊልም፣ እሷ ጎረቤት። ይህ ነገር ሕይወቷን ሙሉ ቀጠለ።

አሁን ወደ ሥራው እንግባ።

መሪ ተዋናይ መግቢያ አለው። ካሜራው ከጫማው ይጀምራል፣ ሙዚቃው ከፍ ይላል፣ አዳራሹ ያፏጫል። ደጋፊ ተዋናይ መግቢያ የለውም። በሩ ሲከፈት እሷ ቀድማ እዚያ አለች። እየጠረገች ነው፣ እያበሰለች ነው፣ ወይ ከሰው ጋር እየተጨቃጨቀች ነው። ፊልሙ ከመጀመሩ በፊት እዚያ ቤት ውስጥ 20 ዓመት እንደኖረች ማሳመን አለባት፤ የተሰጣት ጊዜ ደግሞ ግማሽ ደቂቃ ነው። መሪው ከየትም ሊመጣ ይችላል። ጎረቤቷ ግን የዚያው ሰፈር ሰው ካልሆነች ሰፈሩ ራሱ ሐሰት ይሆናል። እኔ የደጋፊ ተዋናይ ሥራ ዋናው ይሄ ነው ባይ ነኝ፤ ቦታውን እውነት ማድረግ።

ላሊታ ይህን የምታደርገው ከሁሉም በላይ በአነጋገሯ ነው። እዚህ ጋ ስለ ዳቢንግ ትንሽ ላውራ። የማላያላም ፊልም ለብዙ ዓመታት ድምፁ ከቀረጻ በኋላ ስቱዲዮ ውስጥ ነው የሚገባው። ከሌላ ግዛት የመጡ ቆንጆዎች መሪ ሲሆኑ ቋንቋውን አይችሉም፤ ስለዚህ ሌላ ሰው ይናገርላቸዋል። ቋንቋውን ለሚችሉትም ቢሆን ይደረግ ነበር። በ1993 የወጣውን «ማኒቺትራታዙ»ን ውሰዱ። ሾባና በዚያ ፊልም ብሔራዊ የምርጥ ተዋናይት ሽልማት አሸነፈች። ፊልሙ ላይ የሚሰማው ድምፅ ግን የዳቢንግ ባለሙያዎች ነው። ሾባናን ለማሳነስ አይደለም፤ ዓይኗና ሰውነቷ የሠራው ሥራ ጉድ ነው። ላሊታም እዚያው ፊልም ውስጥ አለች። እሷ የምትናገረው በራሷ ድምፅ ነው። የላሊታን ገጸ ባሕርይ ሌላ ሰው ይናገርላት ብትሉ ምንም አይቀርላትም።

ድምፁ ቀጠን ያለ፣ ትንሽ ወደ አፍንጫ የሚሄድ፣ ፈጣን ነው። ስትነጫነጭ ዓረፍተ ነገሩ መጨረሻ ላይ ከፍ ይላል። ማላያላም አልሰማም፤ ግን ሽሙጥ እየወረወረች እንደሆነ ወይ ልጇን እያባበለች እንደሆነ የትርጉም ጽሑፉን ሳላይ አውቃለሁ።

ስለዚህ ድምፅ ከሁሉም የሚበልጠው ምስክር የ1990ው «ማቲሉካል» ነው። ዳይሬክተሩ አሁንም አዱር ነው። ታሪኩ የቫይኮም ሙሐመድ ባሺር፤ በእንግሊዞች ዘመን በጽሑፉ ምክንያት ስለታሰረ ደራሲ፣ እሱም ራሱ ባሺር ነው። ባሺርን የሚጫወተው ማሙቲ ነው። ከወንዶቹ እስር ቤት አጠገብ የሴቶቹ እስር ቤት አለ። መሀሉ ላይ ረጅም ግንብ። አንድ ቀን ግንቡ ሥር እያፏጨ ሲሄድ ከወዲያ ማዶ የሴት ድምፅ ይጠይቀዋል። ናራያኒ ትባላለች።

ከዚያ በኋላ ፊልሙ ምን ያሳየናል? ማሙቲንና ግንቡን። በቃ። ናራያኒን አንድም ጊዜ አናያትም። የጽጌረዳ ተክል ስጠኝ ትለዋለች፤ በግንቡ ላይ አሻግሮ ይወረውርላታል። መኖሯን ልታሳውቀው ስትፈልግ ደረቅ ጭራሮ ወደ ላይ ትወረውራለች። ጭራሮው ከግንቡ በላይ ብቅ ብሎ ይመለሳል። ከእሷ በኩል በዓይን የምናየው ይህን ነው። ሌላው በሙሉ ድምፅ ነው፤ ድምፁ የላሊታ ነው። ናራያኒ ዕድሜዋን 22 ብላ ትናገራለች። ላሊታ ያኔ 40ን አልፋለች።

እስቲ እንደ ተዋናይ አስቡት። ፊት የለሽም፣ እጅ የለሽም፣ ልብስ የለሽም። ከፊትሽ የአገሩ ትልቅ ኮከብ ቆሟል። ካሜራው እሱን ብቻ ነው የሚያየው። ተመልካቹ የሚያፈቅረው ግን አንቺን መሆን አለበት፤ አለበለዚያ የኮከቡ ፍቅር እብደት ይመስላል። ማሙቲ በዚያ ዓመት ብሔራዊ የምርጥ ተዋናይ ሽልማት ሲያገኝ ከተሸለመባቸው ሥራዎች አንዱ ይሄ ነው። ግንብ ሲያናግር ያልሳቅንበት ግንቡ ስለሚመልስለት ነው።

ፊልሙ ሲወጣ ታዲያ ቅሬታ ተነሳ። ድምፁ የታወቀ ነው ተባለ። ናራያኒ ማንም የማያውቃት መሆን ነበረባት፤ የኬራላ ሰው ግን ገና ስትናገር «ውይ፣ ላሊታ» ይላል። በቅሬታው ግማሹን እስማማለሁ። አንድ ተዋናይት በየቤቱ ከመግባቷ የተነሳ ግንብ እንኳ ሊደብቃት አልቻለም። ለእኛ ለውጭ ሰዎች ደግሞ ነገሩ ተገልብጧል። ፊቷን ስለማናውቅ፣ እነሱ የተመኙትን ፊልም የምናየው እኛ ነን። መጀመሪያ ያየኋት፣ ማለቴ የሰማኋት፣ እዚያ ነው። ፊቷን ያወቅሁት በኋላ፣ በኮሜዲ ፊልም ላይ ነው። ደነገጥኩ ብል አላጋነንኩም።

ኮሜዲው ሌላ ዓለም ነው። በ80ዎቹ መጨረሻና በ90ዎቹ መጀመሪያ ማላያላም ፊልም የሳቅ ፊልም ላይ በርትቶ ነበር። ላሊታ ደግሞ ኢኖሰንት ከሚባል ኮሜዲያን ጋር ባልና ሚስት እየሆነች መጣች። በ1991 የወጣውን «ጎድፋዘር» ላውራላችሁ። ከአሜሪካኑ ጋር ስም እንጂ ሌላ ዝምድና የለውም። አንድ ጉልቤ ሽማግሌ አለ፤ አራት ወንዶች ልጆች አሉት፤ ሴት የሚባል ፍጡር ቤቱ ድርሽ እንዳትል ከልክሏል። ልጆቹም እንደ ወታደር ታዘዋል። ከልጆቹ አንዱ ኢኖሰንት ነው። አባቱ ፊት ሴት የማያይ ጨዋ፣ ከጀርባ ግን በድብቅ አግብቶ ወልዷል። የድብቋ ሚስት ላሊታ ናት።

ቀልዱን የሚሸከመው ማን እንደሆነ አስተውሉ። ሁሉም ሰው ኢኖሰንትን ነው የሚያስታውሰው። ግን ሚስቲቱ የምር ካልተበሳጨች የእሱ ፍርሃት አያስቅም። ላሊታ ቀልድ እየሠራሁ ነው ብላ አታውቅም። የምር የተደበቀች ሚስት ሆና ነው የምትጫወተው፤ የሚያንገበግብ እውነተኛ በደል አለባት። ፊልሙ አንድ ሲኒማ ቤት ውስጥ ብቻ ከ400 ቀን በላይ ታየ።

በዚያው ዓመት የኬራላ ግዛት መንግሥት በደጋፊ ተዋናይት ዘርፍ ሸለማት። ለአንድ ፊልም አይደለም፤ «ጎድፋዘር»ን ጨምሮ ለሦስት ፊልም ባንድ ላይ። እኔ ይሄ ትክክለኛ አሸላለም ነው እላለሁ። ደጋፊ ተዋናይ በአንድ ፊልም አይለካም። እዚህ አሥር ደቂቃ፣ እዚያ ስምንት ደቂቃ፣ ተጠራቅሞ ነው ሰውየው የሚታየው። ህንድ በብሔራዊ ደረጃ የደጋፊ ተዋናይ ሽልማት የጀመረችው ራሱ በ1984 ነው። ላሊታ እስከዚያ 15 ዓመት ሠርታለች።

ወደ «ማኒቺትራታዙ» ልመለስ። ታሪኩን አንዳንዶቻችሁ ታውቁታላችሁ፤ ሂንዲው በ2007 «ቡል ቡላያ» ብሎ ሠርቶታል። የተዘጋ ክፍል ያለበት አሮጌ ቤት፣ መንፈስ አለበት የሚባል። ላሊታና ኢኖሰንት እዚህም ባልና ሚስት ናቸው፣ ፈሪዎች። የሚያስፈራ ፊልም ላይ መሪዎቹ አይፈሩም፤ የተማሩ ናቸዋ። ከከተማ መጥተው «ምን መንፈስ አለ» ይላሉ። ቤቱ እንዲያስፈራን የሚያደርጉት እዚያው ያደጉት አክስትና አጎቶች ናቸው። ሲመሽ ድምፃቸው ይቀንሳል፣ አንድ በር ሲያልፉ እግራቸው ይፈጥናል። እየሳቅንባቸው ፍርሃታቸው ይጋባብናል። በኋላ እውነተኛው ነገር ሲመጣ እኛ ቀድመን ተዘጋጅተናል።

እናትነትንም ላንሳ። ማላያላም ፊልም ውስጥ የእናትነት ንግሥት የምትባለው ካቪዩር ፖናማ ናት። ፖናማ ቅድስት እናት ናት፤ ታለቅሳለች፣ ትጸልያለች፣ ይቅር ትላለች። ላሊታ እናት ስትሆን ነገሩ ይወሳሰባል። ልጇን ትወዳለች፣ ግን ታዳላለች። ትዋሻለች። ምራቷን ትነካካለች። በ1995ቱ «ስፓዲካም» ግን ሌላ መልክ አሳየች። ባሏ ቲላካን ነው፤ እሱም ከቴአትር የመጣ ሌላ ግዙፍ ደጋፊ ተዋናይ። ልጁን በሂሳብ ካልሆነ በሌላ መለካት የማይችል የትምህርት ቤት ኃላፊ ሆኖ ይጫወታል። ልጁ ሞሃንላል ነው፤ አባቱን ለማናደድ ብሎ ዱርዬ ሆኗል። ሁለቱ ወንዶች ይጮኻሉ፣ ይሰባብራሉ። ላሊታ መሀላቸው ናት። ሁለቱንም ትወዳለች፣ ሁለቱንም ትፈራለች። ስለ ፊልሙ የሚወራው በጩኸቱ ነው። እናንተ ስታዩት ድምፁን ዝጉና እሷን ብቻ ተከተሉ። ማን ወደ ክፍሉ እንደገባ ከትከሻዋ ታውቃላችሁ።

በእውነተኛ ሕይወቷ ባሏ ባራታን ዳይሬክተር ነበር፣ ከታወቁትም አንዱ። በእሱ «አማራም» ውስጥ የዓሣ አጥማጅ ሚስት ሆና የመጀመሪያውን ብሔራዊ ሽልማት አገኘች። የባህር ዳር ሴት ናት፤ ምላሷ የማይታጠፍ። ልጇ የዋናውን ሰውዬ ሴት ልጅ አባትየው ሳይፈልግ ያገባል። ማሙቲ አባትየው ነው፤ ልጄ ሐኪም ትሆናለች ብሎ ሲለፋ የኖረ። ሕልሙ ሲፈርስ የምናዝነው ለእሱ ነው። የወንዱ ልጅ እናት ግን የራሷ ክብር፣ የራሷ ወገን አላት። ላሊታ ለማሙቲ አትለሳለስለትም። ብዙ ደጋፊ ተዋንያን ኮከብ ፊት ሲቆሙ ጉልበታቸው ይከዳቸዋል። እሷ ጋ ይሄ የለም።

ባራታን በ1998 ሞተ። ከዚያ በኋላ ዕዳ እንደነበረባት እሷው ራሷ በይፋ ተናግራለች። በ1999 በሳትያን አንቲካድ ፊልም ተመለሰች። ሥራው እንጀራዋ ነበር፤ በዚያ አታፍርም ነበር። ብዙም ሳይቆይ የጃያራጅ «ሻንታም» መጣ። ስለ ፖለቲካ ግድያና ስለሚያመጣው ሐዘን የተሠራ ጸጥ ያለ ፊልም ነው። ሲማ ቢስዋስ የምትባል ተዋናይትም አለችበት። ላሊታ ሁለተኛውን ብሔራዊ ሽልማት በዚህ አገኘች። አስቡት፤ ወጣት ሆና ለፖለቲካ ቴአትር ስትዞር የኖረች ሴት፣ ከ30 ዓመት በኋላ ፖለቲካ የሚገድላቸው ልጆች እናት ሆና ትጫወታለች።

ከዚያ ወዲህ ያለውን ቶሎ ልለፈው። «ታቲም ሙቲም» በሚባል የቴሌቪዥን ሲትኮም ላይ ለዓመታት ነገረኛ አማት ሆነች። ሲኒማ የማይሄደው ትውልድ በዚያ ነው የሚያውቃት። በ2016 የኬራላ የሙዚቃና የቴአትር አካዳሚ ሊቀመንበር ተደረገች።

በ2021 በጉበት ሕመም ተኛች። የግዛቱ መንግሥት የሕክምናውን ወጪ እሸፍናለሁ ሲል ጭቅጭቅ ተነሳ። 550 ፊልም የሠራች ሰው እንዴት ገንዘብ አይኖራትም አሉ። ጥያቄው የሚገርመኝ የፊልሙን ቁጥር ከፊልሙ ክፍያ ጋር ስለሚያምታታ ነው። ኮከብ የሚደራደረው በፊልም ነው። ደጋፊ ተዋናይ የሚቆጠርለት የቀረጻ ቀን ነው። ዛሬ እዚህ ሦስት ቀን፣ ነገ ሌላ ቦታ አምስት ቀን። ፊልሙ 400 ቀን ቢታይ ለእሷ የሚጨመርላት የለም። እናንተም ሥራ ስትጀምሩ ይሄን ቀድማችሁ ብታውቁት ጥሩ ነው። ውል ስትፈርሙ ቀኑ ካለፈ ትርፉ ቀን እንዴት እንደሚከፈል አስጽፉ። የዳቢንጉ ቀን ለብቻው ይቆጠር እንደሆነም ጠይቁ።

ፌብሩዋሪ 22፣ 2022 ኮቺ አካባቢ ሞተች። ዕድሜዋ 74 ነበር። ከ9 ቀን በኋላ «ቢሽማ ፓርቫም» የተባለ የማሙቲ ፊልም ሲኒማ ቤት ገባ፤ እሷ አለችበት። ከጥቂት ወራት በፊት የሞተው ሌላው ትልቅ ደጋፊ ተዋናይ ኔዱሙዲ ቬኑም አለበት። ሁለቱንም በሕይወት የሌሉ ሰዎች አድርጎ ተመልካቹ ያየው ያኔ ነው።

ከየት እንጀምር ለምትሉኝ፣ በ«ጎድፋዘር» ጀምሩ። ቀላል ነው፣ ያስቃል። ከዚያ «ስፓዲካም»። «ማቲሉካል» ይቆያችሁ፤ እሱ ትዕግሥት ይፈልጋል። ሁሉንም ግን ሁለት ሁለት ጊዜ እዩ። አንዴ ለታሪኩ፣ አንዴ እሷን ብቻ እየተከተላችሁ። በተለይ ሌላው ሰው ሲናገር እሷ ምን እንደምትሠራ እዩ።

ጥያቄ ያለው እጁን ያውጣ።